ሂፕስዌይን የበተነው ምንድን ነው?

መነሻ ጽሑፍ

ጥያቄዬ በ1980ዎቹ ግላስጎው ውስጥ ብቅ ብሎ ስለጠፋ አንድ ባንድ ነው። ሂፕስዌይ ይባላል። (ዓመቶቹን ሁሉ የምጽፈው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።) ባንዱ በ1984 ተቋቋመ፤ በ1986 በራሱ ስም የሰየመውን የመጀመሪያ አልበሙን አወጣ፤ በ1989 ሁለተኛውን አስከተለና በዚያው ተበተነ። አባላቱ አራት ነበሩ፤ ድምፃዊው ግርሃም ስኪነር፣ ጊታሪስቱ ፒም ጆንስ፣ ቤዝ ተጫዋቹ ጆኒ ማኬልሆን እና ድራመሩ ሃሪ ትራቨርስ። ስማቸውን ያስጠራው አንድ ዘፈን ነው፤ «ዘ ሃኒቲፍ»፣ በእኛ ቋንቋ የማር ሌባው። በ1986 በብሪታንያ የሽያጭ ሰንጠረዥ 17ኛ ሆነ፤ በማግስቱ ዓመት አሜሪካ ተሻግሮ 19ኛ ደረጃ ላይ ወጣ።

ይህን ዘፈን የሰማሁት ልጅ ሆኜ ነው። አጎቴ ከጅዳ ሲመጣ የተለያዩ ዘፋኞች የተቀላቀሉበት ካሴት ይዞ መጣ፤ የዘፋኞቹ ስም አልተጻፈበትም። ጊታሩ በአጭር በአጭሩ ይቧጭራል፣ ቤዙ ከሥር ይራመዳል፣ ከዚያ ያ ወፍራም የወንድ ድምፅ ይገባል። ለብዙ ዓመታት ጥቁር አሜሪካዊ ይመስለኝ ነበር። ኋላ ቤዝ ጊታር መጫወት ስማር በመጀመሪያ በጆሮዬ ለቅሜ የተጫወትሁት የዚህን ዘፈን ቤዝ ነው።

እምነቴን በግልጽ ላስቀምጥ። ሂፕስዌይን የበተነው የማኬልሆን መውጣት ነው። ማኬልሆን ከሂፕስዌይ በፊት «አልተርድ ኢሜጅስ» በተባለው ባንድ ውስጥ ነበር፤ ያ ባንድ በ1981 በብሪታንያ 2ኛ ደረጃ የደረሰ ዘፈን ነበረው። ከሂፕስዌይ ወጥቶ ደግሞ «ቴክሳስ» የተባለውን ባንድ መሠረተ። 1989ን ተመልከቱ። ሂፕስዌይ ያለ እርሱ ሁለተኛ አልበሙን ሲያወጣ ነጠላ ዜማው 66ኛ ላይ ቆመ። በዚያው ዓመት የቴክሳስ የመጀመሪያ ነጠላ ዜማ 8ኛ ሆነ። ሁለቱም ባንዶች የሸክላ አሳታሚው የሜርኩሪ ኩባንያ ባንዶች ናቸው። አንድ ሰው ወጣ፣ ዕድሉም ተከትሎት ወጣ። ተሳስቼ ከሆነ አርሙኝ።

ክሩ፣ ማለትም ጥያቄዬና የተከተሉት ምላሾች፣ በአንድ ሳምንት ውስጥ ስለረዘመ፣ ዘግይታችሁ ለምትመጡ ምላሾቹን በየቁጥራቸው እየተከተልሁ በራሴ አነጋገር እተርክላችኋለሁ። የሰዎቹን ቃል አልገለበጥሁም።

ምላሽ 1

የመጀመሪያው ጸሐፊ ከአዲስ አበባ ነው። በትሕትና አመሰገነኝ። ዘፈኑን እንደ እኔ በካሴት እንደሰማው፣ እርሱም ዘፋኙን አሜሪካዊ ያደርገው እንደነበረ፣ የስኮትላንድ ሰው መሆኑን ከእኔ ጽሑፍ ገና እንዳወቀ ጻፈ። ስለ መበተኑ ምንም አላለም።

ምላሽ 2

ሁለተኛው ሰው ያልኋቸውን ዓመታት አንድ በአንድ መረመረ፤ እንዲህ ያለ አንባቢ እወዳለሁ። ቴክሳስ የተመሠረተው በ1986 ቢሆንም መድረክ ላይ የወጣው በመጋቢት 1988 በዳንዲ ዩኒቨርሲቲ መሆኑን አስታወሰ። ስለዚህ ዕድሉ ተከትሎት ወጣ ያልሁት ነገር ቢያንስ ሁለት ዓመት በጨለማ የተጓዘ ዕድል ነው።

ከዚያ የበለጠ የነካኝን አነሣ። ማኬልሆን በባንዱ ውስጥ እያለ በ1985 የወጡት የመጀመሪያዎቹ ሁለት ነጠላ ዜማዎች ከ70ኛ ደረጃ በላይ አልወጡም። ከማር ሌባው በኋላ ከዚያው አልበም የወጡትም ከመጀመሪያዎቹ 40 ውስጥ አልገቡም። ቤዙ ያው ቤዝ፣ ሰውየውም ያው ሰው ነበር። እንግዲህ የአንድ ሰው መኖር ባንዱን ካላስወጣው፣ የዚያው ሰው መውጣት ብቻውን እንዴት ያፈርሰዋል ብሎ ጠየቀ። የእርሱ መልስ ጊዜ ነው። ዘፈኑ በአገሩ ባረጀ በዓመቱ አሜሪካ ውስጥ አዲስ ሆነ፤ በሁለቱ አልበሞች መካከልም ሦስት ዓመት አለፈ። ፖፕ አድማጭ ሦስት ዓመት አይጠብቅም አለ።

ምላሽ 3

ሦስተኛው አዲስ አበባ ውስጥ በሆቴልና በምሽት ክበብ ባንዶች ከሃያ ዓመት በላይ ያገለገለ ኪቦርድ ተጫዋች ነው። ሙሉ በሙሉ ከእኔ ጎን ቆመ። የራሱን ታሪክ ነገረን። በአንድ ሆቴል (ስሙን አልጠቀሰም፣ እኔም አልጠይቀውም) በሳምንት አምስት ምሽት የሚሠራ ባንድ ነበራቸው። ቤዝ ተጫዋቹ ዱባይ ሥራ አግኝቶ ሄደ። በምትኩ ሌላ መጣ፤ ከቀድሞው ይልቅ ጣቱ የፈጠነ ልጅ ነበር። ግን ዳንሰኛው ከመቀመጫው መነሣት ቀነሰ። ባለቤቱ ምን ለወጣችሁ ብሎ ጠየቃቸው፤ ማንም በቃላት ሊያስረዳው አልቻለም። በአራተኛው ወር ውሉ ተቋረጠ። አድማጭ የቤዝን ስም አያውቅም፣ ሲጎድል ግን እግሩ ያውቃል አለ። ይህን ምላሽ ሦስት ጊዜ አነበብሁት።

በመጨረሻ ግን አንድ ኃይለኛ ዓረፍተ ነገር ጨመረበት። ድምፃዊ እንደ ጃንጥላ ነው፤ አንዱን ጥለህ ሌላውን ትገዛለህ የሚል ትርጉም ያለው። ጸቡ ከዚህ እንደሚነሣ ያኔውኑ ገምቼ ነበር።

ምላሽ 4

ግላስጎው የምትኖር እህት ናት። በአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ትሠራለች። ሂፕስዌይ የሚለውን ስም ሰምታው አታውቅም፤ ነገር ግን በእረፍት ሰዓት ለአንዲት የሥራ ባልደረባዋ ስሙን ብትጠራላት ሴትየዋ ወዲያውኑ አንድ ዜማ ማንጎራጎር ጀመረች። ዜማው ግን የማር ሌባው አልነበረም፤ «ቲንደር» የተባለው ነው። ይህ ዘፈን ስኮትላንድ ውስጥ በቴሌቪዥን የቢራ ማስታወቂያ ሆኖ ይቀርብ ነበር፤ የማኪዋንስ ቢራ። ስለዚህ ባንዱን የማያውቅ ሰው ሁሉ ዘፈኑን ያውቀዋል። እህታችን ባልደረባዋን በደንብ ጠይቃ እንደምትመለስ ቃል ገባች።

ምላሽ 5

እዚህ ላይ አየሩ ተለወጠ። ከዋሽንግተን አካባቢ የሚጽፍ ሰው የነጭ ልጆችን የሶል ሙዚቃ ለምን እንደምናወድስ ጠየቀ። ሶል የዲትሮይትና የሜምፊስ ጥቁሮች ሙዚቃ ነው፤ ከቤተ ክርስቲያን መዝሙራቸው ወጥቶ በመከራቸው ያደገ ነው፤ ግላስጎው ምን አገባት አለ። እኔን በቀጥታ ልጅ ሆነህ ጥቁር አሜሪካዊ መስሎህ ከነበረ፣ ሲሆን ሲሆን በዚያ መናደድ ነበረብህ አለኝ። ጨከን ያለ ንግግር ነው፤ ግን ባዶ አይደለም።

ምላሽ 6 እና 7

ስድስተኛው ጸሐፊ ለአምስተኛው የሰጠው መልስ በዚህ ክር ውስጥ ካነበብሁት ሁሉ ያስደሰተኝ ነው። ስለ አቬሬጅ ኋይት ባንድ አስታወሰን፤ ስሙ መካከለኛ የነጭ ባንድ ማለት ነው። እነዚህ ከዳንዲና ከአካባቢዋ የወጡ የስኮትላንድ ሰዎች ናቸው፤ «ፒክ አፕ ዘ ፒሰስ» የተባለው ሥራቸው በየካቲት 1975 በአሜሪካ 1ኛ ሆነ፤ በጥቁር አሜሪካውያን የሽያጭ ሰንጠረዥም ላይ ከፍ ብሎ ነበር። የጥቁር አሜሪካዊው ዘፋኝ የጄምስ ብራውን አጃቢዎች ይህን ሲሰሙ የመልስ ሸክላ አሳተሙ፤ በሸክላው ላይም ራሳቸውን ከመካከለኛ በላይ የሆነ የጥቁር ባንድ ብለው ሰየሙ። ለስድስተኛው ጸሐፊ ይህ እንግዳን በቤት የመቀበል ምልክት ነው። ሙዚቀኛ ለሙዚቀኛ የሚመልሰው ሲያከብረው ነው አለ።

አምስተኛው ሰው በቁጥር 7 ተመልሶ ያንኑ ታሪክ ለራሱ ወሰደው። የጄምስ ብራውን ሰዎች ያንን ስም ያወጡት እናንተ መካከለኛ ናችሁ፣ ባለቤቶቹ እኛ ነን ለማለት ነው አለ። ሁለቱም ትክክል ይመስሉኛል። በአገራችን ቅኔ የለመደ ጆሮ አንድ ንግግር ሰምና ወርቅ ሲኖረው አይገረምም።

ምላሽ 8

ኤድንብራ የተማረ ሰው ነው፤ ከሁሉ ረጅሙን ምላሽ ጻፈ። የሶል ፍቅር በግላስጎው ከየት መጣ ለሚለው አንድ ፍንጭ ሰጠን። በ1980 አለን ሆርን የተባለ የግላስጎው ወጣት «ፖስትካርድ» የሚል አነስተኛ ሸክላ አሳታሚ አቋቋመ። መፈክሩ የወጣቷ ስኮትላንድ ድምፅ የሚል ነበር። ይህም «ሞታውን» የተባለው የዲትሮይት የሶል ሸክላ አሳታሚ ይጠቀምበት ከነበረው የወጣቷ አሜሪካ ድምፅ ከሚለው መፈክር የተወሰደ ነው። ገና በመፈክሩ ላይ ዲትሮይት አለች ማለት ነው። የፖስትካርድ ዋና ባንድ ኦሬንጅ ጁስ በ1981 የአሜሪካዊውን የሶል ዘፋኝ የአል ግሪንን ዘፈን እንደገና ተጫውቶ ነጠላ ዜማ አድርጎ አወጣው።

ከዚያ በኋላ የመጡትን ቆጠረ። የክላይድባንክ ልጆች የሆኑት ዌት ዌት ዌት ሜምፊስ ድረስ ሄደው የአል ግሪን ፕሮዲዩሰር ከነበረው ከዊሊ ሚቸል ጋር ቀዱ፤ ሥራው በ1988 ወጣ። ሁለቱ የኬን ወንድማማቾች በሂው ኤንድ ክራይ ስም በ1987 6ኛ ደረጃ ላይ የደረሰ ዘፈን አወጡ። ላቭ ኤንድ መኒ ሁለተኛ አልበማቸውን ያሠሩት የአሜሪካው ባንድ የስቲሊ ዳን ፕሮዲዩሰር በነበረው በጋሪ ካትዝ ነው፤ ዲከን ብሉ ስማቸውን ያገኙት ከዚያው ከስቲሊ ዳን ዘፈን ነው። በአጭሩ ሂፕስዌይ ብቻውን የበቀለ ዛፍ አልነበረም፤ በአንድ ከተማ ዙሪያ ደን ነበር።

ለምን ለሚለውም የራሱን ሐሳብ አቀረበ። በክላይድ ወንዝ ዳር የመርከብ ግንባታው እየተዘጋ ነበር። አባቶቻቸው ከሥራ የተሰናበቱ ልጆች ከእንግሊዝ ደቡብ ከሚመጣው ሙዚቃ ይልቅ በውቅያኖስ ማዶ የፋብሪካ ከተማ ሙዚቃ ውስጥ ራሳቸውን ሰሙ። ዲትሮይት መኪና ትሠራ ነበር፣ ግላስጎው መርከብ ትሠራ ነበር። ይህን ሳነብ ለአምስተኛው ሰው ጥያቄ ከተሰጡት መልሶች ሁሉ የበለጠው ይህ ነው አልሁ። ሙዚቃው የእነርሱ ነው አላለም፤ ለምን እንደፈለጉት ተናገረ እንጂ።

እግረ መንገዱን ደግሞ ከግላስጎው በስተ ምዕራብ በሆሊ ሎክ ከ1961 እስከ 1992 የአሜሪካ የባሕር ሰርጓጅ መርከቦች ጣቢያ እንደነበረ ጠቀሰ፤ ወታደሮቹ ሸክላ ይዘው ይመጡ ነበር ብሎ ገመተ። በዚህኛው አልስማማም። የሂፕስዌይ ትውልድ ሶልን የሰማው ከሬዲዮና ከሸክላ መደብር ይመስለኛል።

ምላሽ 9 እስከ 11

የጦር ጣቢያ ተነሥቶ አስመራ አለመነሣቷ አይቀርም ነበር። ዘጠነኛው ጸሐፊ የቃኘው ጣቢያን አነሣ፤ አሜሪካውያን በሬዲዮ የሚያሰሙትን ሙዚቃ የአስመራ ልጆች እንዴት እንደለቀሙት። አሥረኛው ሶል ኤኮስ ባንድን አስታወሰ፤ ተሾመ ምትኩን ያጀበው፣ ሶልን በስሙ ላይ የጻፈው፣ ዕድሜው ያጠረው የእኛው ባንድ። ለምን ስለ ሂፕስዌይ መበተን ስንጨነቅ ስለ ሶል ኤኮስ አንድ ክር እንኳን የለንም አለ። እውነቱን ነው፤ ያንን ክር እርሱ ቢከፍተው የመጀመሪያው ምላሽ የእኔ ይሆናል። አሥራ አንደኛው ሰው ከርዕስ ወጣችሁ ብሎ አለፈ።

ምላሽ 12 እስከ 16

አሥራ ሁለተኛው ጸሐፊ በቅንነት አንድ ነገር ጨመረ። ስለ ስኮትላንድ ሙዚቀኞችና ስለ ኢትዮጵያ ከተነሣ ሚጅ ዩር አይዘለልም አለ። ዩር የተወለደው ከግላስጎው አጠገብ ካምበስላንግ ነው። «ስሊክ» የተባለው ቀዳሚ ባንዱ ራሱ ለአጭር ጊዜ የኖረ ነው፤ በ1976 በብሪታንያ 1ኛ የሆነ ዘፈን ነበረው። እርሱና ቦብ ጌልዶፍ በ1984 ለረሃቡ ተጎጂዎች ገንዘብ ማሰባሰቢያ የሚሆነውን የገና ዘፈን ጻፉ፤ በኅዳር ወር ለንደን ውስጥ ተቀዳ።

ከዚህ በኋላ ለአንድ ቀን ሙሉ ሂፕስዌይ ተረሳ። አሥራ ሦስተኛዋ ከፍራንክፈርት የምትጽፍ ሴት ናት። ያ ዘፈን ገና መሆኑን ያውቃሉ ወይ ብሎ የሚጠይቀው ላሊበላን የሠሩትን ሰዎች ነው አለች። ጀርመን ውስጥ ተማሪ ሳለች በየታኅሣሡ በየገበያ አዳራሹ ዘፈኑን በሰማች ቁጥር አንገቷን ትደፋ እንደነበር ጻፈች። አሥራ አራተኛው ከደሴ ነው። በእኛ አቆጣጠር በ1977 ዓመተ ምሕረት ልጅ ነበር፤ ከእርዳታው ስንዴ በልቷል፤ ሁለት ታናናሾቹ ግን ስንዴው ሲደርስ አልነበሩም። ስለ ግጥሙ ለእርሱ እንዳይነገረው ጠየቀ። አሥራ አምስተኛው ሰው ደግሞ የበላም ሰው በግጥሙ ሊያዝን መብት አለው ብሎ በማይገባ ቃል መለሰለት። አሥራ ስድስተኛው ላይ የደሴው ሰው ሁለት መስመር ብቻ ጽፎ ከክሩ ወጣ። ከዚያ ወዲህ አልተመለሰም፤ ይህን የሚያነብ ከሆነ የእርሱ ምላሽ እዚህ ክር ውስጥ ካሉት ሁሉ ክቡር መሆኑን እንዲያውቅልኝ እፈልጋለሁ። የፍራንክፈርቷ እህትም በማግስቱ በቀጥታ ለእርሱ ይቅርታ ጠይቃለች፤ ምንም እንኳን የከፋውን ቃል የተናገረችው እርሷ ባትሆንም።

ምላሽ 17

የመድረኩ አስተባባሪ ገብተው የአሥራ አምስተኛውን ቃል አነሡትና ማር ሲሰፍሩ ማር ይናገሩ የሚለውን አስታወሱን። ስለ ማር ሌባ ለተከፈተ ክር ይህ ተረት ልክ መጣ። ወደ ባንዱ እንድንመለስ ጠየቁ።

ምላሽ 18

ይህ ሰው ስለ ዳንዲው ባንድ ስለ ዳኒ ዊልሰን በመጻፍ የእኔን እምነት ከሁሉ ይበልጥ አናጋው። ዳኒ ዊልሰን ሦስት ሰዎች ነበሩ፤ ወንድማማቾቹ ጋሪና ኪት ክላርክ፣ ቤዝ ተጫዋቹም ጌድ ግራይምስ። «ሜሪስ ፕሬየር» የተባለው ዘፈናቸው በ1987 በአሜሪካ 23ኛ ደረሰ፤ በገዛ አገራቸው ግን ደጋግሞ ታትሞ በመጨረሻ በ1988 ነው 3ኛ የሆነው። በ1989 ሁለተኛ አልበም አወጡ፤ ብዙም ሳይቆይ ተለያዩ። ከአንደኛው አልበም እስከ ሁለተኛው ማንም አልወጣም፣ ማንም አልገባም። ቤዙ በቦታው ነበር። እንግዲህ ቤዝ ተጫዋቹ ሳይወጣም ባንድ ይበተናል ብሎ ደመደመ።

ከዚህ በቀጥታ የሚያመልጥ መልስ አልነበረኝም። ሁለቱ ባንዶች አንድ ዓይነት ናቸው፤ በአሜሪካና በብሪታንያ ሰዓታቸው ያልገጠመ፣ ትልቅ ዘፈን አንድ ብቻ የነበራቸው፣ በ1989 ሁለተኛ አልበም ያወጡ። የሚለያቸው የቤዝ ተጫዋቹ መውጣት ነው፤ ፍጻሜያቸው ግን አንድ ነው። ጋሪ ክላርክ ከዚያ በኋላ ለሌሎች ዘፋኞች ዜማ ደራሲ ሆነ፤ በ2016 ለወጣው «ሲንግ ስትሪት» ለተባለው ፊልም ዘፈኖችን የጻፈው እርሱ ነው። ግራይምስም ሲምፕል ማይንድስ የተባለው የግላስጎው ባንድ ቤዝ ተጫዋች ሆነ።

ይኸው ጸሐፊ አጭር ዕድሜ የሚለውን ቃልም ነቀፈ። ሂፕስዌይ አምስት ዓመት ኖሯል፤ አጭር ዕድሜ ማየት ከፈለጋችሁ ቡርዢ ቡርዢን ተመልከቱ አለ። ነገሩ ከስኪነር ጋር ይያያዛል። ስኪነር ከሂፕስዌይ በፊት በ1983 የወጣውን የጃዝቲየርስ አልበም የዘፈነው እርሱ ነው። እርሱ ሲወጣ ፖል ኩዊን የተባለ ድምፃዊ ተተካ፤ ባንዱም ስሙን ቀይሮ ቡርዢ ቡርዢ ሆነ፤ በ1984 ጥቂት ነጠላ ዜማዎች አውጥቶ አልበም ሳያሳትም ጠፋ። በግላስጎው ያን ጊዜ ሰዎች ከባንድ ባንድ የሚሸጋገሩት እንደ ታክሲ ተሳፋሪ ነበር ማለት ይቻላል።

ምላሽ 19 እስከ 22

የግላስጎዋ እህት ስለ ጃንጥላው አልረሳችም። በቁጥር 19 ኪቦርድ ተጫዋቹን ጠየቀችው፤ ባልደረባዋ ከሠላሳ ዓመት በላይ ቆይታ ስታንጎራጉር ያንጎራጎረችው ቤዙን ነው ወይስ ዜማውን? እርሱ በቁጥር 20 በቁጣ መለሰ። በአገራችን ሙዚቀኛው ስም የለሽ ሆኖ የቀረው እንዲህ ባለ አመለካከት ነው፤ በካሴት ሽፋን ላይ የድምፃዊው ፎቶ ብቻ ታትሞ ያቀናበረው ሰው ስሙ በደቃቅ ፊደል ይጻፋል፣ አንዳንዴም ጭራሽ አይጻፍም አለ። በራሱ ላይ ደርሶበታል፤ ተጫውቶባቸው ስሙ ያልተጻፈባቸው አራት ካሴቶች አሉት። ንዴቱ ከሂፕስዌይ እንዳልመጣ ሁላችንም ተረዳን። እርሷም ተረድታ መሆን አለበት፤ በቁጥር 21 የካሴቶቹን ርዕስ እንዲልክላትና በስሙ እንደምታዳምጣቸው ጻፈችለት። እርሱም ላከላት።

በቁጥር 22 ያ ሁለተኛው መርማሪ ተመልሶ ለድምፃዊው ወገን አንድ ማስረጃ አኖረ። ሂፕስዌይ በ2016፣ የመጀመሪያው አልበም ሠላሳ ዓመት ሲሞላው፣ እንደገና ተሰባሰበ። በ2018ም «ስሞክ ኤንድ ድሪምስ» የተባለ አዲስ አልበም አወጣ። ስሙን ይዘው የተመለሱት ስኪነርና ፒም ጆንስ ናቸው። ማኬልሆን በቴክሳስ ነው። ድምፁና ያ የሚቧጭረው ጊታር ካሉ አድማጭ ሂፕስዌይ ነው ብሎ ይቀበላል ማለት ነው። ሦስተኛው ሰው ለዚህ አልመለሰም።

ምላሽ 23

ይህ የእኔ ነው። ከአቋሜ ግማሹን መለስሁ። የማኬልሆን መውጣት ብቻውን አልበተናቸውም። ዳኒ ዊልሰን ይህን አሳይቶኛል። ያልለቀቅሁት ግን አለ፤ የባንዱን የመጀመሪያ አልበም ዛሬም ሳዳምጥ ዘፈኖቹ የቆሙት በቤዙና በድራሙ መካከል ባለው ክፍተት ላይ ነው። ማኬልሆን ብዙ ኖታ አይጫወትም። አንድ ይመታል፣ ይተዋል፣ አድማጩ የሚቀጥለውን በገዛ ሰውነቱ እንዲሞላው ይጠብቃል። ትራቨርስም ያንን ቦታ አያጨናንቅበትም። ይህን ሰው ከዘፈኑ ውስጥ ስታወጣው የቀሩት ሦስቱ ጎበዞች ቢሆኑም እንኳን ቤቱን እንደገና ከመሠረቱ መሥራት ይኖርባቸዋል፤ ያም ጊዜ ይፈጃል። ምናልባት ሁለተኛው ጸሐፊ ያነሣው የሦስት ዓመት ዝምታና እኔ ያነሣሁት መውጣት አንድ ነገር ናቸው፤ ዝምታውን የወለደው መውጣቱ ሊሆን ይችላል።

ምላሽ 24 እና 25

አንድ ሰው የማኬልሆን አባት ፍራንክ ማኬልሆን የግላስጎው ኩዊንስ ፓርክ የምክር ቤት አባል እንደነበሩ፣ በ1982 ሲያርፉም እናቱ ሔለን በምርጫ ወንበሩን እንደወረሱ ጻፈ። ከዚህ ተነሥቶ ልጁ በሄደበት ሁሉ በር የተከፈተለት በቤተሰቡ ነው አለ። ሌላው ጸሐፊ ይህን ሐሜት ብሎ ዘጋው፤ የሸክላ ገዢ የአባትን ስም አይቶ አይገዛም አለ። እኔም ከሁለተኛው ጋር ነኝ።

ምላሽ 26

እስካሁን የመጨረሻው ምላሽ የግላስጎዋ እህት ነው። ባልደረባዋን አግኝታ በሻይ ሰዓት ጠይቃታለች። ሴትየዋ በ1986 ገና ሥራ የጀመረች የጫማ መደብር ሠራተኛ ነበረች። የሂፕስዌይን አልበም በደሞዟ ገዛች። ባንዱ ተበተነ ብሎ የነገራት ሰው አልነበረም፤ ሌላ አልበም ይወጣል ብላ እየጠበቀች ነበር። ስትጠብቅ አገባች፣ ከከተማው ዳር ወዳለ ሰፈር ተዛወረች፣ በ1989 ልጅ ወለደች። የሸክላ ማጫወቻው ሳጥን ውስጥ ገብቶ ለዓመታት ሳይከፈት ቀረ። ሁለተኛው አልበም መውጣቱን የሰማችው አሁን፣ ከእኛ እህት አፍ ነው።

የቴክሳስን አልበሞች ግን ሁሉንም ገዝታለች። የቴክሳስ ቤዝ ተጫዋችና ያኔ የወደደችው ባንድ ቤዝ ተጫዋች አንድ ሰው መሆኑን አታውቅም ነበር። ስትሰማ ለጥቂት ጊዜ ዝም ብላ ከቆየች በኋላ ጽዋዋን አስቀምጣ የመጀመሪያውን አልበም በስልክ እንድትከፍትላት ጠየቀች። ሰዓቱ ስላለቀ ሁለት ዘፈን ብቻ ነው የሰሙት። ሐሙስ ምሽት አብረው ተረኞች ናቸው፤ ያኔ ሁለተኛውን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ሊሰሙት ተስማምተዋል። ቤዙን በተለይ እንድታዳምጥልኝ አደራ ብያታለሁ።